የቫኪዩም ፓምፕና ቀለበቱ፦ አንድ የፓምፕ ጠጋኝ ስለ ወንዶች መሣሪያ የሚለው

ባለቤቴ ሳጥኑን ከፍታ ግልጹን የፕላስቲክ ቱቦ ወደ መስኮቱ ብርሃን ከፍ አደረገችው፤ አገላብጣ አየችውና "ይህማ ዋግምት ነው" አለች። አያቷ በሰፈራቸው ዋግምት የሚያደርጉ ሴት ነበሩ። ቀንዱን ቆዳ ላይ ደፍተው፣ አየሩን በጫፉ ቀዳዳ በአፋቸው መጥጠው፣ ቀዳዳውን በሰም ሲደፍኑት እያየች ነው ያደገችው። እኔ የመመሪያውን ሥዕሎች እያገላበጥኩ ግማሽ ሰዓት የፈጀሁበትን ነገር እሷ በአንድ ቃል ጨረሰችው።

ዕቃው ለስንፈተ ወሲብ የሚያገለግለው የቫኪዩም ፓምፕ ነው። ወንድሜ ከአሜሪካ ሲመጣ ይዞልኝ መጣ። ዕድሜዬን የውኃ ፓምፕ ስጠግን ኖሬ ጡረታ ወጥቻለሁ፤ የስኳር ሕመም ከያዘኝ ደግሞ 16 ዓመት ሆኖኛል። ሁለቱ ባይገጣጠሙ ኖሮ ስለዚህ መሣሪያ ለመጻፍ ዕውቀቱም ድፍረቱም ባልኖረኝ። ሐኪም አይደለሁም፤ ሐኪሙን ጠይቄ ያገኘሁትን፣ መመሪያው ላይ ያነበብኩትንና በራሴ ላይ የደረሰውን ነው የምጽፈው። የምጽፍበትም ምክንያት ቀላል ነው። በሹክሹክታ የሚሸጥ ዕቃ አጠቃቀሙም በሹክሹክታ ይነገራል፤ በሹክሹክታ ውስጥ ደግሞ ቀድሞ የሚጠፋው ቁጥር ነው። ይህ መሣሪያ መጥፋት የሌለበት አንድ ቁጥር አለው፤ ሠላሳ ደቂቃ።

ከፓምፑ በፊት ግን ወደ ሐኪም መሄድ አለ። የስኳር ሕመም ካለባቸው ወንዶች ግማሽ ያህሉ የብልት አለመቆም ይገጥማቸዋል፤ ስለዚህ ብርቅ አይደለም፣ እርግማንም አይደለም። ሆኖም "ከስኳሩ ነው" ብሎ መተው ስሕተት ነው። ወደ ብልት የሚሄዱት ደም ወሳጅ ሥሮች ስፋታቸው ከ1 እስከ 2 ሚሊሜትር ነው፤ ልብን የሚመግቡት ከ3 እስከ 4 ሚሊሜትር ይሆናሉ። በሁለቱም ውስጥ የሚጋገረው ስብ አንድ ዓይነት ከሆነ ቀድሞ የሚደፈነው የትኛው ነው? በቧንቧ ሥራ የኖረ ሰው ለዚህ መልስ ማስረጃ አይጠይቅም። የብልት አለመቆም አንዳንዴ የልብ ሕመም ከመምጣቱ ከዓመታት በፊት የሚሰማ ደወል የሚሆነው በዚህ የተነሣ ነው። ልጄ ሊሆን የሚችል ዶክተር ፊት እንደ ሌባ አቀርቅሬ ችግሬን ስናገር "ጋሼ፣ ፓምፑ ይቆየንና መጀመሪያ ልብዎን እንየው" አለኝ። ልክ ነበር።

ከ1998 ወዲህ (ዓመቶቹን በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው) ሲልደናፊል (ቫያግራ በሚለው ስሙ የሚታወቀው) እና መሰሎቹ እንክብሎች ስላሉ ብዙ ሰው ፓምፕ አያስፈልገውም። እንክብሉ ግን ለሁሉም አይሆንም። ለልብ ሕመም ናይትሬት የተባለውን የመድኃኒት ዓይነት የሚወስድ ሰው ሲልደናፊል ቢጨምርበት የደም ግፊቱ በአንዴ ሊያሽቆለቁልና ሊሞት ይችላል። ነርቩ በጣም የተጎዳ፣ ወይም የፕሮስቴት ቀዶ ሕክምና ያደረገ ሰው ደግሞ እንክብሉን ቢወስድም ላይሠራለት ይችላል። ፓምፑ የሚፈለገው እዚህ ላይ ነው። ወደ ደም የሚገባ ነገር የለውም፤ የነርቭ ትእዛዝም አይጠብቅም።

እንዴት እንደሚሠራ ላብራራ፤ ይህ የእኔ መንደር ነውና ትንሽ ልዘግይበት።

ፓምፕ ይስባል የምንለው ለአነጋገር ነው። ፓምፕ የሚያደርገው አየር ማስወጣት ብቻ ነው፤ የቀረውን የሚሠራው ውጭ ያለው ግፊት ነው። በባሕር ጠለል ላይ የአየር ግፊት ውኃን ባዶ ቧንቧ ውስጥ ሽቅብ 10 ሜትር ገደማ ይገፋዋል፤ አዲስ አበባ ላይ አየሩ ስስ ስለሆነ 8 ሜትር እንኳ አይሞላም። ይህን ያላወቀ ሰው ጥልቅ ጉድጓድ አፍ ላይ ፓምፕ ተክሎ "ተበላሽቷል" እያለ ስንት ጊዜ አስጠርቶኛል! ፓምፑ ደህና ነው፤ ከታች የሚገፋው ነው ያጠረው።

ቱቦውም እንዲሁ ነው። በቱቦው ውስጥ ያለው አየር ሲወጣ በብልቱ ዙሪያ ያለው ግፊት ይቀንሳል፤ በሰውነት ውስጥ ያለው ደም ግፊቱ ወደ ቀነሰበት ይሄዳል፤ በብልት ውስጥ በቁመት የተዘረጉት ሁለት ስፖንጅ መሰል ዘንጎችም በደም ይሞላሉ። ዋግምት ቆዳን አሳብጦ እንደሚያነሣው ማለት ነው። ለዚህ የሚያስፈልገው የግፊት ልዩነት ብዙ አይደለም፤ ከ100 እስከ 250 ሚሊሜትር ሜርኩሪ (የደም ግፊት የሚለካበት መለኪያ) ባለው መካከል ይበቃል። ከዚያ በላይ መጎተት ደም ሥር ማፈንዳት እንጂ ጥንካሬ መጨመር አይደለም።

አሁን ዋናው ጥያቄ ይመጣል። በጤናማ ሰው ላይ ብልት ሲቆም ነርቭ ደም ወሳጁን ሥር ይከፍታል፤ ስፖንጁ ሲሞላ ደግሞ ደም መላሾቹን ከግድግዳው ጋር ጨፍልቆ መውጫውን ይዘጋል። ተፈጥሮ የሠራችው የማይመልስ ቫልቭ ነው። በፓምፕ የመጣ ደም ግን ይህን ቫልቭ አይዘጋውም። ቱቦው ሲነሣ ደሙ ወደመጣበት ይመለሳል፤ የታችኛው ቫልቩ የተበላ ፓምፕ ሲጠፋ ውኃው ተመልሶ ጉድጓድ እንደሚገባው።

ጆን ኪንግ የተባለ አሜሪካዊ ሐኪም በ1874 የብርጭቆ መምጠጫ ሠርቶ እዚሁ ላይ ነበር የቆመው፤ መምጠጫው ሲነሣ ሁሉም ነገር አብሮ ይወድቃል። መፍትሔውን ያመጣው ኦቶ ሌደረር የተባለ የቪየና ሐኪም ነው። በ1917 በአሜሪካ የፈጠራ መብት ባወጣበት መሣሪያ ላይ ደሙን የሚይዝ ማሰሪያ ቀለበት ጨመረበት። ከዚያ በኋላ ግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ነገሩ ተረሳ፤ በ1960ዎቹ እንደገና ያነሣው ሐኪም ሳይሆን ጌዲንግስ ኦስቦን የተባለ የጆርጂያ ሰው ነው። ሥራው ጎማ ነበር። ችግሩ በራሱ ላይ ሲደርስ መሣሪያውን ለራሱ ሠርቶ ለዓመታት ተጠቀመበት፤ ስሙንም "የወጣትነት አቻ" ብሎ አወጣለት። በ1982 የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር ለሽያጭ ፈቀደው። አየር እንዴት እንደሚያዝና በየት በኩል እንደሚያመልጥ ከጎሚስታ በላይ ማን ያውቃል?

እንግዲህ ሰው ሁሉ ፓምፑን እያየ ይገዛል እንጂ ዋናው ፈጠራ ቀለበቱ ነው። ጥቅሙም አደጋውም እሱ ላይ ነው።

መጀመሪያ የሞከርኩ ቀን ሦስት ስሕተት ሠራሁ። አንደኛው፣ ቱቦውን በደረቁ ገጠምኩት፤ አየሩ በጎን እየገባ ሲያፏጭ ፓምፑን በከንቱ ስገፋ ቆየሁ። የቱቦው አፍ ከሰውነት ጋር የሚገናኝበት ቦታ ማሸጊያ ይፈልጋል። ማሸጊያው ደግሞ በውኃ ላይ የተመሠረተ ማለስለሻ ጄል ነው፤ በብልቱ ሥር ዙሪያና በቱቦው ከንፈር ላይ ይቀባል። በአካባቢው ያለው ፀጉር ከረዘመ አየር ያስገባል፤ ኋላም ቀለበቱ ሲንሸራተት ይዞት ይነቅለዋል። ፀጉሩን በመቀስ ማሳጠር ይበቃል። ምላጭ ቆዳ ይሰነጥቃል፤ ስኳር ያለበት ሰው ቁስል ደግሞ ቶሎ አይሽርም።

ጄል ሳጣ ቫዝሊን ተጠቀምኩ፤ ይህ ሁለተኛው ስሕተት ነው። ቫዝሊን የጎማ ቀለበቱን ቀስ በቀስ ያበላሻል፤ ከቱቦው በሳሙና እንኳ በቀላሉ አይለቅም። ከሁሉ በላይ ደግሞ የላቴክስ ኮንዶም ቅባት ሲነካው ይበጠሳል። ኮንዶም የሚጠቀም ሰው ቀለበቱን ካሰረ በኋላ ነው የሚያጠልቀው፤ ያን ጊዜ እጁ ላይ ቫዝሊን መኖር የለበትም። የምግብ ዘይትና የፀጉር ቅባትም ከዚያው ወገን ናቸው።

ሦስተኛው ችኮላ ነው። በአንድ ትንፋሽ እስከ መጨረሻው ጎተትኩት፤ ሲወጣ ብልቴ ላይ በመርፌ የተወጋ የሚመስል ቀያይ ነጠብጣብ ፈሰሰበት። ትናንሽ የደም ሥሮች ፈንድተው ነው። ነጠብጣቡ በጥቂት ቀናት ይጠፋል፤ ድንጋጤው ግን አንድ ሳምንት ያህል ቆየብኝ። ትክክለኛው አካሄድ የእጅ ፓምፕ ያለው ጉድጓድ እንደሚቀዳው ነው፤ ጥቂት ገፋ ገፋ፣ ረፍት። ለአንድ ወይም ለሁለት ደቂቃ ፓምፕ ያድርጉ፣ በአየር መልቀቂያው ቁልፍ ግፊቱን ይልቀቁ፣ እንደገና ሦስት አራት ደቂቃ ያህል ይድገሙ። ቱቦው ወደ ሰውነት ጠበቅ ብሎ መያዝ አለበት። የቆለጥ ቆዳ ወደ ውስጥ ከገባ ያማል፤ አየሩን ለቀው እንደገና ይጀምሩ። ብዙዎቹ መሣሪያዎች ለዚህ የሚሆን አፉን የሚያጠብ ተጨማሪ ቀለበት ከሳጥኑ ውስጥ አላቸው። ሕመም ከተሰማ ይቆማል፤ መታገሥ እዚህ ጀግንነት አይደለም።

እጅ እስኪለምድ ድረስ ጥቂት ቀናት ለብቻ መለማመድ ደህና ነው። ለልምምዱ ቀለበቱ አያስፈልግም።

ቀለበቱ አስቀድሞ በቱቦው አፍ ላይ ይወጠራል፤ ብልቱ ሲሞላ ከቱቦው ወደ ብልቱ ሥር ይገፈተራል፤ ከዚያ አየሩ ይለቀቅና ቱቦው ይወጣል። መጠኑ ብዙ ነው። እኔ "የጠበቀ ይሻላል" ብዬ ከትንሹ ጀመርኩና በሁለት ደቂቃ ውስጥ ላቤ ተንቆረቆረ። መጀመር ከሰፊው ነው፤ ካልያዘ ወደ ጠባቡ ይወረዳል። ደህና ቀለበት ግራና ቀኝ ሁለት ጆሮ አለው፤ ሁለቱን ይዞ ወጥሮ ለማውጣት ነው። ጆሮ የሌለውን አይግዙ። የገንዘብ ላስቲክ፣ ክር፣ የብረት ቀለበት ፈጽሞ አይሆኑም። ብረት ሥር ያበጠ ሥጋ ብረቱን አያሳልፈውም፤ መጨረሻው ሆስፒታል ውስጥ የብረት መቁረጫ ሲፈለግ ማደር ነው።

አሁን ያ ቁጥር። ቀለበቱ ከታሰረ ጀምሮ ከ30 ደቂቃ በላይ አይቆይም። ጉዳዩ አለቀም አላለቀም ይወጣል። ታስሮ የቆመ ደም ኦክስጅን አይታደስለትም፤ ሥጋው እየታፈነ ነው ማለት ነው። እንደገና ለመጠቀምም 60 ደቂቃ ያህል ልዩነት ያስፈልጋል። እኔ ስልኬን 25 ደቂቃ ላይ እንዲጮኽ እሞላዋለሁ፤ በዚያ ሰዓት ሰዓት ማየት የሚያስታውስ ሰው አላውቅም።

ለስኳር ሕመምተኛ ይህ ሁለት እጥፍ ነው። ጫማው ውስጥ ጠጠር ገብቶ ሳይሰማው ሲረግጠው የሚውል የስኳር ሕመምተኛ ሁላችንም እናውቃለን። ስኳር እግር ላይ የሚያደርገውን ነርቭ ማደንዘዝ ብልትም ላይ ያደርገዋል። አከርካሪው የተጎዳ ሰውም እንዲሁ ነው። "ካመመኝ አወጣዋለሁ" ማለት ሕመም ለሚሰማው ሰው ነው፤ ለማይሰማው ሰው ያለው ሰዓት ብቻ ነው። ጠጥቶ መጠቀም፣ ቀለበቱን እንዳደረጉ መተኛት ከባድ ጉዳት የሚመጣበት መንገድ ነው።

መልኩንም አስቀድሞ ማወቅ ያስፈልጋል፤ ካላወቁት ያስደነግጣል። ደሙ የታሰረ፣ ኦክስጅን ያለውና የሌለው የተቀላቀለበት ስለሆነ ብልቱ ወደ ሰማያዊ ይጠቁራል፤ ሲነኩት ቀዝቀዝ ይላል። ከቀለበቱ በታች፣ በሰውነት ውስጥ ያለው የብልት ሥር ስላልሞላ ደግሞ በሥሩ ላይ እንደ በር ማጠፊያ ወዲያ ወዲህ ይላል፤ በእጅ መምራት ይፈልጋል። የዘር ፈሳሽም በቀለበቱ ታግዶ ሊቀርና ቀለበቱ ሲወጣ ሊፈስ ይችላል። ይህ ጉዳት የለውም፤ ግን እርግዝናን ይከላከላል ብሎ የሚያስብ ካለ ይተወው። ይህን ሁሉ ባለቤቴ ከእኔ ጋር ባታነብ ኖሮ የመጀመሪያው ቀን የመጨረሻው ይሆን ነበር። "ቀዝቃዛ ነው" አለችና ሳቀች፤ እኔም ሳቅኩ፤ ከዚያ ቀጠልን።

መሣሪያው የማይሆንላቸው ሰዎች አሉ። የደም መርጋት ችግር ያለበት፣ ሲክል ሴል የተባለው የደም በሽታ ወይም የደም ካንሰር ያለበት፣ ከዚህ በፊት ብልቱ ያለ ፍላጎት ለሰዓታት ቆሞ አልወርድ ያለው ሰው ሐኪም ሳይፈቅድለት አይንካው። ዋርፋሪንና መሰል የደም ማቅጠኛ የሚወስድ ሰው በቀላሉ ይበልዛል፤ እሱም ይጠይቅ። ብልቱ የጠመመበት ሰው እንዲሁ። ቀለበቱ ከወጣ በኋላ ጥቁረቱ ካልተመለሰ፣ ድንዛዜው ካልለቀቀ ወይም እብጠቱ ካልወረደ እስኪነጋ መጠበቅ የለም፤ በዚያው ሌሊት ወደ ድንገተኛ ክፍል ነው።

ስለ አያያዙ የሚከብደኝ ነገር የለም፤ የፓምፕ ሕግ ነው። ከተጠቀሙ በኋላ ወዲያውኑ ይፈቱታል። ቱቦውንና ቀለበቶቹን ለብ ባለ ውኃና በለስላሳ ሳሙና አጥበው፣ ሳሙናው እስኪለቅ ያለቅልቃሉ። የፓምፑ ራስ ግን ውኃ ውስጥ አይነከርም፤ በእርጥብ ጨርቅ ይጠረጋል። የእጅ ፓምፕ ከሆነ ውስጡ ቫልቭ አለ፣ የባትሪ ከሆነ ሞተር አለ፤ ሁለቱም ውኃ አይወዱም። ሁሉንም ንጹሕ ፎጣ ላይ ዘርግተው ጥላ ላይ ያደርቃሉ፤ እርጥብ እንደሆነ ሳጥን ውስጥ ከገባ ይሻግታል። የባትሪው ዓይነት ከሆነ ባትሪውን አውጥቶ ማስቀመጥ ነው፤ ባትሪ ሲያረጅ አፍስሶ ያበላሸዋል።

በረኪና አይነካውም፤ ቆዳ ያቃጥላል፣ ጎማ ያደርቃል። አይቀቀልም። አልኮልም አይሆንም። ይህን የምለው ከወረርሽኙ ወዲህ አልኮል የሌለበት ቤት ስለሌለና እጃችን ቀድሞ ወደዚያ ስለሚሄድ ነው። አብዛኞቹ ቱቦዎች አክሪሊክ የተባለ ግልጽ ፕላስቲክ ናቸው፤ አክሪሊክ አልኮል ሲነካው እንደ ሸረሪት ድር ይሰነጣጠቃል። መጀመሪያ በቀላሉ አይታይም፤ ወደ ብርሃን አዘንብለው ሲያዩት ነው የሚታወቀው። የተሰነጠቀ ቱቦ ውስጥ ግፊት ሲፈጠር ምን እንደሚሆን፣ የት ላይ እንደሚሆንም ያስቡት። ቀለበትም ዕድሜ አለው። በጣቶችዎ ወጥረው ወደ ብርሃን ያዙት፤ ጥቃቅን ስንጥቅ ካዩ ወይም ተመልሶ ካልተሰበሰበ ይጣላል። ለሌላ ሰው ማዋስም የለም፤ ለወንድምም ቢሆን።

ብልትን ያሳድጋል እየተባለ በቴሌግራም ስለሚሸጠው ዓይነት አንድ ነገር ልናገር። አያሳድግም። የሚታየው ትልቅነት ለጊዜው የገባ ደምና ውኃ ነው፤ ይወርዳል። አብዝተው ለማሳደግ የሚጎትቱ ልጆች የሚያተርፉት ብልዘትና ጠባሳ ነው። ዕቃውም ቢሆን ይለያያል። የአሜሪካው የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር በ2004 ባወጣው መመሪያ ለእንዲህ ያለ መሣሪያ ሁለት ነገር ይጠይቃል፤ ግፊቱ ከ17 ኢንች ሜርኩሪ፣ ማለትም ከ430 ሚሊሜትር ገደማ እንዳያልፍ የሚገታ መከላከያና አየሩን ባንዴ የሚለቅ ቁልፍ። ሁለቱ የሌሉት ዕቃ፣ ሻጩ ምንም ቢምልልዎ፣ ለእኔ ፓምፕ አይደለም። የግፊት መገደቢያ የሌለው ማሽን ሥራ ላይ ስናገኝ ቀይ ካርቶን አንጠልጥለንበት ነበር የምንሄደው።

የእኔውን አሁን የማስቀምጠው የደም ግፊት መለኪያ በነበረበት ቦርሳ ውስጥ ነው፤ መጠኑ ልክ ይመጣል፣ ዚፕም አለው። ባለፈው ፋሲካ አማቴ ሊጠይቁን መጥተው ቦርሳውን ቁም ሳጥኑ ላይ አዩትና "እስቲ ልጄ፣ እኔንም ለካኝ፤ ራሴን ከብዶኛል" አሉኝ። ቃል ጠፋኝ። ባለቤቴ ከጓዳ ሆና፣ ድምፅዋ ሳይንቀጠቀጥ፣ "ባትሪው አልቋል እማዬ" አለች። የእኛ ፓምፕ የእጅ ነው፤ ባትሪ የሚባል ነገር የለውም።